ለመንጃ ፈቃድ የተላከ ሽማግሌ

ይታገሱ ብላ ስም ያወጣችልኝ እናቴ ናት። ስሙን ሰጠችኝ እንጂ ትዕግሥቱን አልሰጠችኝም። መውረጃው ካለፈ በኋላ «ወራጅ አለ!» የሚል ተሳፋሪ፣ የማንጎ ከረጢቱን የሰው እግር ላይ ጭኖ የሚያንቀላፋ ነጋዴ፣ የአንድ ሰው ከፍሎ ሦስት ልጅ ጭኑ ላይ የሚደረድር አባወራ፣ እነዚህ ሁሉ ተባብረው ዕድሜዬን በልተውታል። ረዳት ነኝ። ረዳት ሲባል ሰው የሚያስበው ጎረምሳ ነው፤ እኔ ግን ሃምሳን ካለፍኩ ቆየሁ፤ ዛሬም ከወልድያ መርሳ፣ ከመርሳ ውርጌሳ በምትመላለስ አንዲት አሮጌ ሚኒባስ በር ላይ ተንጠልጥዬ እውላለሁ። ሌላ ሥራ ጠፍቶ አይደለም። አያ ኡበይደላን ጥሎ መሄድ አልሆነልኝም።

አያ ኡበይደላ የሚኒባሷ ባለቤትም ሹፌርም ናቸው። የመርሳ ሰው ናቸው፣ ሰባን አልፈዋል፣ ሰው ገጭተው አያውቁም። ይህን የመጨረሻውን ራሳቸው በየቀኑ ሳይናገሩት አይውሉም፤ እኔም አጠገባቸው ቆሜ «እውነት ነው» እላለሁ። እውነትም ነው። እንዴት እውነት እንደሆነ ግን የምናውቀው እኔና እሳቸው፣ ከዚያ ደግሞ ፈጣሪ ብቻ ነበርን።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከጥቂት ዓመታት ወዲህ የአያ ኡበይደላ ዓይን ደከመ። መጀመሪያ ሲመሻሽ ብቻ ነበር፤ ኋላ ቀንም ሆነ። እኔ በር ላይ የቆምኩ ሰው ስለሆንኩ ያየሁትን በበሩ ቆርቆሮ እነግራቸው ጀመር። በሩን አንድ ጊዜ ከመታሁ ቁም ነው፤ ሁለት ጊዜ ከመታሁ ሂድ ነው። ይህን የትም ያለ ረዳት ያደርገዋል። እኛ ግን ጨመርንበት። ሦስት ጊዜ ቶሎ ቶሎ ከመታሁ ከብት አለ፣ ሦስት ጊዜ ቀስ ብዬ ከመታሁ ግመል አለ፣ በመዳፌ ሳይሆን በጣቴ ጫፍ ካንኳኳሁ ትራፊክ ፖሊስ አለ። ተሳፋሪው ጠባዬ ከፍቶ በር የምደበድብ ይመስለው ነበር። ጠባዬስ ይክፋ፤ በሩን የምደበድበው ግን ለእሱው ነፍስ ነበር።

ባለፈው ኅዳር ስሪንቃን አለፍ እንዳልን አንዲት ሴትዮ የማሽላ አገዳ የጫነች አህያ እየነዳች አስፋልቱን ታቋርጣለች። አገዳው ከመብዛቱ የተነሳ አህያዋን ውጧታል። እኔ ቁጥቋጦ መሰለኝ፤ ፀሐይ ዓይኔ ውስጥ ገብታ ነበር። ቁጥቋጦው መራመድ ሲጀምር በሩን በጡጫዬ አንድ ጊዜ መታሁት። አያ ኡበይደላ ፍሬን ረገጡ። ተሳፋሪው አንዱ ባንዱ ላይ ተከመረ፣ አንድ ከረጢት ማንጎ ተፈትቶ እስከ ሹፌሩ እግር ተንከባለለ። መኪናዋ ስትቆም አፍንጫዋ አገዳውን ሊነካ ምንም አልቀረውም። አህያዋ ዞር ብላ አይታን መንገዷን ቀጠለች፤ ሴትዮዋ ግን እጇን አፏ ላይ ጭና እንደቆመች ቀረች።

ያን ቀን ፈራሁ። አያ ኡበይደላም ፈርተዋል፤ እግራቸው ሥር የተንከባለለውን ማንጎ እንኳ ሳያነሱ መሪውን ጨብጠው ቀሩ።

«ሰው አልገጨንም» አሉ ቀስ ብለው።

«አልገጨንም» አልኩ።

መንጃ ፈቃዳቸውን የማሳደሻው ጊዜ የደረሰው በዚያው ሰሞን ነው። ዕድሜው የገፋ ሹፌር ፈቃዱን ቶሎ ቶሎ ማሳደስ አለበት፤ ያለ ዓይን ምርመራ ወረቀት ደግሞ የሚያድስለት የለም። ይህ ሕግ አያ ኡበይደላን ያበግናቸዋል። «ለአንድ ፍሬ ልጅ ረጅም ጊዜ ይሰጡታል፤ መንገዱን በጎማ ለጨረሰው ሰው እንደ ወተት ቶሎ የሚበላሽ ፈቃድ ይሰጡታል! ይሄ ምን የሚሉት ፍርድ ነው?» ይላሉ። እኔም ፍርዱን እረግምላቸው ነበር። በልቤ ግን ያቺን አህያ አስባለሁ።

የሆነው ሆኖ መላ መታን። የምርመራው ሰሌዳ ላይ ያለው ምልክት ሦስት ጥርስ ያለው መበጠሪያ ይመስላል፤ ጥርሶቹ ወዴት እንደዞሩ መናገር ነው። እኔ በሩ ሥር እቆምና አይቼ አንኳኳለሁ፤ አንድ ጊዜ ወደ ላይ፣ ሁለት ጊዜ ወደ ታች፣ ሦስት ጊዜ ወደ ቀኝ፣ አራት ጊዜ ወደ ግራ። ስናንኳኳ የኖርን ሰዎች ነንና ነገሩን ናቅነው፤ አንዴም አልተለማመድነውም።

ወልድያ ያለው የዓይን ክሊኒክ ውስጥ የተቀበለችን ናጅዋ የምትባል ወጣት ባለሙያ ናት። አያ ኡበይደላን ወንበር ላይ አስቀምጣ በሩን ገርበብ አደረገችው። ለእኔ የሚበቃ ክፍተት ቀረልኝ። አያ ኡበይደላ ከዘራቸውን በጉልበታቸው መሃል አቁመው ደረታቸውን ነፉ።

«አባባ፣ ይሄኛው ወዴት ነው የሚያየው?»

«ወደ ላይ!» አሉ። የመጀመሪያው መስመር ምልክት ትልልቅ ስለሆነ በራሳቸው አዩት። ሁለተኛውንም እንደምንም ገፉት። ሦስተኛው መስመር ላይ ጆሯቸውን ወደ በሩ አዘነበሉ።

አንድ ጊዜ አንኳኳሁ።

«ይግቡ!» አለች ናጅዋ፣ ፊቷን ሳታዞር።

ማንም አልገባም። አያ ኡበይደላ ግን ቀኝ እግራቸውን አንስተው ወለሉን እስከ መጨረሻው ረገጡት።

«እግርዎን ምን ሆኑ አባባ?»

«ምንም፤ ደንዝዞኝ ነው።»

የሚቀጥለው ወደ ታች መሰለኝና ሁለት ጊዜ አንኳኳሁ። አያ ኡበይደላ ከዘራቸውን ጨብጠው ወደ ፊት ገፉት፤ አንደኛ ማርሽ አስገቡ ማለት ነው። ናጅዋ «ይግቡ ብያለሁ እኮ!» አለች። እኔም ደንግጬ ሦስቱን ቶሎ ቶሎ አንኳኳሁት። ያ ደግሞ ከብት ነው። አያ ኡበይደላ ወደ ፊት ሰገግ ብለው በመዳፋቸው ጠረጴዛዋን ተጫኗት፤ ክላክስ መሆኑ ነው። ክላክሱ እምቢ ሲላቸው በአፋቸው «ጢጥ!» አሉ።

በሩ ተከፈተ። ጡጫዬ አየር ላይ ነበር።

«ማንን ፈልገው ነው?» አለችኝ ናጅዋ።

«ወረፋ እየጠበቅኩ ነው።»

እኔን አየች፣ ሰሌዳውን አየች፣ ከዘራቸውን እንደ ማርሽ ጨብጠው የቀሩትን አያ ኡበይደላን አየች። እንደገባት ከንፈሯ ይናገር ነበር። «ለመሆኑ መጀመሪያ ሲያንኳኩ ወዴት ነው ብለው ነገሯቸው?» አለች።

«ወደ ላይ» አልኩ፤ አመለጠኝ።

«ወደ ታች ነው።»

«ከበሩ ጥግ ሆኜ በጎን ስላየሁት ነው» አልኩ። ወደ አያ ኡበይደላ ተመልሳ ዓይናቸውን በመብራት አየችና ቁርጡን ነገረቻቸው፤ በሁለቱም ዓይናቸው ላይ ሞራ አለ። ሞራው በቀላል ቀዶ ጥገና ይነሳል። እስኪነሳ ግን አትፈርምም፤ እሳቸውም መሪ መያዝ የለባቸውም።

«ዓይኔን ስለት አላስነካም» አሉ አያ ኡበይደላ። ከዘራቸውን ከማርሽነት ወደ ከዘራነት መልሰው ወጡ።

ከዚያ በኋላ ሚኒባሷ መርሳ፣ ቤታቸው ደጃፍ ላይ ቆመች። አያ ኡበይደላ ጠዋት ጠዋት ሱብሂ ሰግደው፣ ቁርሳቸውን ቀምሰው፣ የሹፌሩ ወንበር ላይ ይወጣሉ። ሞተር አያስነሱም። መሪውን ይዘው ይውላሉ። ሚስታቸው ዓቢዳ «ደጃፌን መናኸሪያ አደረጉት፤ ትንሽ ቆይተው ውርጌሳ ውርጌሳ ሊሉ ነው» እያለች ትስቃለች፤ ስትስቅ ግን ዓይኗ አይስቅም። አንድ ቀን አጠገባቸው ወጥቼ ተቀመጥኩ። አባታቸው በስተርጅና ዓይናቸው ጠፍቶ፣ በዘንግ እየተመሩ እንደሞቱ ነገሩኝ። ሐኪም ነክቶት የባሰበት ሰው ታሪክም ከየትም ከየትም ለቃቅመዋል። «ሲነካካ ጭራሹን ቢጠፋስ? ይታገሱ፣ መሪ ካልያዝኩ እኔ ምንድን ነኝ?» አሉኝ። እኔስ ያለ እሳቸው በር ምንድን ነኝ? ፊቴን እንዳያዩብኝ ወርጄ ጎማ መርገጥ ጀመርኩ።

በነጋታው ስመጣ ግን ፊታቸው በርቶ ጠበቁኝ።

«ያቺ ልጅ አባት የላትም እንዴ?»

«የትኛዋ ልጅ?»

«ናጅዋ ናታ! አባቷ ሐጂ ዓሪፍ ነው አሉ፣ ወልድያ ጨርቅ የሚሸጠው። ልጅ እምቢ ስትል የሚለመነው አባት ነው። ሽማግሌ እንልካለን።»

በእኛ አገር ደም በሽማግሌ ይደርቃል፣ ድንበር በሽማግሌ ይካለላል፣ ሙሽራ በሽማግሌ ትጠየቃለች። መንጃ ፈቃድ በሽማግሌ ሲጠየቅ ግን እኔም አልሰማሁ፣ ዓቢዳም አልሰማች። «የሰው ጉድ!» አለች ዓቢዳ። ቀጥላም «ቢሆንም ሂዱ። አላህ ይቅደማችሁ። ብቻ ይቺን መኪና ከዚህ ደጃፍ ያንሱልኝ» አለች።

የተመረጡት ሼህ ሙስዐብና አቶ ጌትነት ናቸው። ሼህ ሙስዐብ ምላሳቸው የተጣላ በሬ የሚያስታርቅ ነው፤ ጉዳቸው ነገር ሲጀምሩ ከአደም መነሳታቸው ነው። አቶ ጌትነት መርሳ ላይ ጋራዥ አላቸው፤ የሚኒባሷን ሞተር ከልጆቻቸው እኩል ያውቁታል። ሽማግሌ ሦስት መሆን ስላለበት ሦስተኛው እኔ ሆንኩ። እሁድ ጠዋት ጋቢያችንን ለብሰን በሰው ሚኒባስ ተሳፈርን። ረዳቱ በሩን አንዴም ሳይመታ ወልድያ ደረስን፤ እንዲህ ያለ ልግመኛ ረዳት አይቼ አላውቅም።

«አሰላሙ ዓለይኩም» አሉ ሼህ ሙስዐብ ከደጅ ቆመው።

ሐጂ ዓሪፍ ብቅ አሉ። ጋቢ የለበሱ ሦስት ሰዎች እሁድ ጠዋት በራቸው ላይ ሲያዩ ፊታቸው ላይ ፀሐይ ወጣች። «ወዓለይኩም ሰላም! ግቡ! ተቀመጡ!»

ገባን። «አንቀመጥም» አሉ ሼህ ሙስዐብ። «የመጣንበት ሳይፈጸምልን አንቀመጥም።»

ወጉ ነው፤ ለማኝ ሽማግሌ እሺ ሳይባል አይቀመጥም። ነገር ግን ለአቅመ ሔዋን የደረሰች ልጅ ካለችበት ቤት ገብቶ አልቀመጥም የሚል ሽማግሌ የሚፈልገው ምን እንደሆነ አገር ያውቃል። እንዴት አላሰባችሁበትም ብትሉኝ፣ መንጃ ፈቃድ መንጃ ፈቃድ ስንል ከርመን ሌላው ሁሉ ከጭንቅላታችን ወጥቶ ነበር እላለሁ። ከመጋረጃው ጀርባ የሴቶች ሹክሹክታና የብርጭቆ ድምፅ ተሰማ። እኔ ለእንግዳ የሚደረግ መስሎኝ ደስ አለኝ።

ሼህ ሙስዐብ ከአደም ተነስተው፣ በኑሕ መርከብ አድርገው፣ ከብዙ ጊዜ በኋላ ወልድያ ደረሱ። «ሐጂ፣ ልጅዎ ናጅዋ ጨዋ መሆኗን ሰምተናል፤ ማሻአላህ። እኛም አንድ ሰው አለን። ይህ ሰው እሷ እሺ ካላለችው ኑሮው ቆሟል። እህል አይበላ፣ እንቅልፍ አይተኛ፤ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ሲተክዝ ይውላል።»

«አላህ ያግራለት» አሉ ሐጂ ዓሪፍ፣ ፈገግታቸውን ሊደብቁ ጢማቸውን እየዳበሱ። «የት አያት?»

«ሥራ ቦታዋ። አንድ ጊዜ ነው ያያት።»

«በአንድ ጊዜ እንዲህ ሆነ? ሥራውስ?»

«ሹፌር ነው» አሉ አቶ ጌትነት። «መኪናዋ የራሱ ናት። ሞተሯን ለእኔ ተዉት።»

«ጠባዩስ?»

«ሰው ገጭቶ አያውቅም» አልኩ እኔ።

ሐጂ ዓሪፍ ትንሽ ግር አላቸው፤ ግን ራሳቸውን ነቀነቁ። «ደግ ነው። ጤናውስ?»

አቶ ጌትነት ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ዓይኑን ትንሽ። ቀን ቀን ግን ያያል።»

«ዕድሜው?»

«ዕድሜ የአላህ ነው» አሉ ሼህ ሙስዐብ። አቶ ጌትነት ጣራውን ማየት ጀመሩ። እኔ ደግሞ ትዕግሥት እንደሌለኝ ነግሬያችኋለሁ።

«ሰባን አልፈዋል!» አልኩ።

ከመጋረጃው ጀርባ ትሪ ወደቀ።

«ሰባ?» አሉ ሐጂ ዓሪፍ።

«ጠንካራ ናቸው» አልኩ፣ የተበላሸውን ልጠግን ብዬ። «ሚስታቸውም ብትሆን ሂዱ ብላ የመረቀችን እሷ ናት።»

«ሚስት አላቸው?!» ሐጂ ዓሪፍ እስከዚያ ድረስ ከእኛ ጋር ቆመው ነበር። አሁን ተቀመጡ።

መጋረጃው ተገለጠና ናጅዋ ወጣች። ፊቷ ቀልቷል፤ ልትቆጣ አፏን ከፍታ ሳለ ዓይኗ እኔ ላይ አረፈ። «አባ! እኚህ ሰውዬ እኮ በሬን ሲደበድቡ የነበሩት ናቸው!» አለችና ግድግዳውን ተደግፋ ሳቀች። ቆም ትልና «ከዘራውን ማርሽ!» ብላ እንደገና ትስቃለች። ሁሉንም ለአባቷ ነገረቻቸው። ሐጂ ዓሪፍ ልጃቸው «ጢጥ!» ላይ ስትደርስ አልቻሉም፤ እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። እንባውን በጋቢያቸው ጠርገው «አንድ አፍታ ግን ደስ ብሎኝ ነበር» አሉ።

ሲረጋጉ ወደ ልጃቸው ዞሩ። «ልጄ፣ የመጡበት ነገር ምንም ይሁን ምን ሽማግሌ ቆሟል። ባዶ እጁን አይመለስም። እንግዲህ አንቺ ታውቂያለሽ።»

ናጅዋ አሰብ አደረገች። «እሺ፣ እሰጣለሁ» አለች።

ሦስታችንም ለመቀመጥ ወገባችንን አጠፍን።

«ቆዩ። መህሩን፣ ጥሎሹን አልተነጋገርንም።»

«የምን መህር?» አሉ ሼህ ሙስዐብ፣ ወገባቸውን እንዳጠፉ።

«ሽማግሌ ልካችሁ ወጉን የጀመራችሁት እናንተ ናችሁ። መህር የሚጠይቀው ማን ነው ሼህ? ሴቷ አይደለችም?»

«ሐቅ ነው» አሉ ሼህ ሙስዐብ። ሌላ ምን ይበሉ?

«የእኔ መህር የሁለት ዓይናቸው ሞራ ነው። ያስነሱትና ይምጡ። ካዩ እፈርማለሁ። ካላዩ ሽማግሌ ከዚህ እስከ ውርጌሳ ቢሰለፍ አልፈርምም። ዋሶቹ እናንተ ሦስታችሁ ናችሁ፤ የመኪናዋ ቁልፍም እኚህ በር የሚደበድቡት ጋሼ ዘንድ ይቀመጥ።» ከዚያ ሳቋ ጠፋ። «በዚያ መንገድ እኔም እሳፈራለሁ። እናቴም ትሳፈራለች።»

እጇን አፏ ላይ ጭና የቀረችው ሴትዮ ትዝ አለችኝ። «እኔ ዋስ ነኝ» አልኩ፣ ከሁለቱም ቀድሜ። ያን ጊዜ ተቀመጥን፤ ለአማች የተዘጋጀውን ምሳ እኛ በላነው።

መርሳ ስንደርስ አያ ኡበይደላ ከሹፌሩ ወንበር ላይ ሆነው «ሰጠች?» አሉ።

«ሰጠች።»

«አልሐምዱሊላህ!»

«መህር ግን ጠይቃለች» አሉ ሼህ ሙስዐብ፣ ለአንድ ጊዜ እንኳ ከአደም ሳይነሱ።

ነገሩን ሲሰሙ ከመኪናው ዘለው ወረዱ። «ጠበቃ አድርጌ ብልካችሁ ከሳሽ ሆናችሁ መጣችሁ? አልከፍልም! ዋስ ሁኑ ያላችሁ ማን ነው?» ሼህ ሙስዐብ የሽማግሌ ቃል እንደማይታጠፍ አስረዱ፤ አቶ ጌትነት ሞተርም ሲያረጅ ወርዶ እንደሚታደስ አስረዱ። ሰሚ የለም። ቁልፉን ስጠይቃቸው በጡጫቸው ውስጥ ጨበጡት።

ዓቢዳ ደጃፉ ላይ ቆማ ስትሰማ ቆይታ ወረደች። «መህር ፈርቶ የሚሸሽ ሙሽራ ዛሬ ገና አየሁ» አለች።

«አንቺ ደግሞ ዝም በይ።»

«ዝም አልልም። አባትዎ ዘንግ የያዙት ሐኪም አጥተው ነው። እርስዎ ሐኪም እያለልዎት ነው ዘንግ የሚያምርዎት? እኔ ፈርቻለሁ፤ ወላሂ፣ እዚያ መኪና ላይ በወጡ ቁጥር ስፈራ ነው የኖርኩት። አሁን እርስዎ አንድ ቀን ቢፈሩልኝ ምን አለ?»

አያ ኡበይደላ መሬት መሬት አዩ። ከዚያ ጡጫቸውን ከፍተው ቁልፉን እጄ ላይ አደረጉት። ሙቀቱ ገና አልለቀቀውም ነበር።

የቀዶ ጥገናው ዕለት በሦስት ሽማግሌ ታጅበው ሄዱ። ወደ ውስጥ ሊያስገቧቸው ሲሉ ክንዴን ያዙኝ። «ይታገሱ፣ ከውጭ ሆነህ በሩን ምታልኝ። እንዳለህ ልወቅ» አሉኝ። በሩ ተዘጋ። ሁለት ጊዜ መታሁት። ሂድ ማለት ነው። አንዲት ነርስ መጥታ ተቆጣችኝ፤ ጠባዬ እንዲያ ሆኖ ሳለ ያን ዕለት አልመለስኩላትም።

አንደኛው ዓይን ዳነ፤ ሰንብተው ሁለተኛውን አስነሱ። ማሸጊያው ሲነሳላቸው ዓቢዳን አዩ፣ ዱዓ አደረጉ፣ ከዚያ እኔን ከእግር እስከ ራሴ አዩኝ።

«ይታገሱ፣ አንተ መቼ ነው እንዲህ የሸበትከው?»

«እርስዎ መኪና ላይ» አልኩ።

ናጅዋ ዘንድ ሄደው ሰሌዳውን እስከ ታችኛው መስመር ወረዱት። መስመሩ ሲያልቅባቸው ግድግዳው ላይ ያለውን የዝንብ ነጥብ ሁሉ ማንበብ ጀምረው ነበር። ናጅዋ ፈረመች፤ መንጃ ፈቃዱ ታደሰ። እኔም ቁልፉን መለስኩ።

የመጀመሪያው ቀን ጉዟችን ግን ጉዞ አልነበረም። አያ ኡበይደላ ከመርሳ ወልድያ እንደ ሙሽራ ይራመዱ ጀመር። ባጃጅ አለፈን፣ ጋሪ አለፈን።

«ይሄ ሁሉ ሰው መንገዱ ላይ ነበረ?» አሉኝ።

«ሁልጊዜም ነበረ።»

«ያ ገደልስ?»

«እሱም ነበረ።»

ግንባራቸውን ላብ አጠመቀው። «ያ ረቢ! ስነዳ የኖርኩት በዱዓ ነው ለካ።»

አንድ ተሳፋሪ «አባባ፣ ዛሬ እንደርሳለን?» አለ፤ ሌሎቹ ሳቁ። እኔ ግን ሳቅ አልመጣልኝም። እጄ በሩ ላይ ሥራ ፈትቶ ተንጠልጥሏል። በመዳናቸው ደስ ብሎኛል፤ ግን በሩን ለማን ልምታ? ስሪንቃ ስንቃረብ እንግዲህ የእኔ ተራ መጣ፤ ከመንገዱ ዳር ሁለት ጥቁር ላሞች ተኝተዋል። ሦስት ጊዜ ቶሎ ቶሎ መታሁ።

«ምንድን ነው?» አሉ አያ ኡበይደላ።

«ከብት ነዋ!»

«የታለ?»

«ያውና፣ ሁለት ጥቁር ላም።»

ሚኒባሷን ዳር አስይዘው አቆሙና ዞረው አዩኝ። «ይታገሱ፣ እሱ ጎማ ነው። ጎሚስታው በር ላይ የተከመረ ጎማ።»

ተሳፋሪው ሁሉ በመስኮት አየ። ጎማ ነው ተባለ።

«ፀሐይዋ ዓይኔ ውስጥ ገብታ ነው» አልኩ።

«ፀሐይዋ ከኋላችን ናት» አሉ።

ተሳፋሪው በሳቅ ፈረሰ። እኔ ግን ያ የሚራመደው ቁጥቋጦ መጣብኝ፤ ወደ ላይ ያልኩት መበጠሪያም መጣብኝ። አያ ኡበይደላም ያንኑ ሳያስቡ አልቀሩም፤ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «እስከ ዛሬ ታዲያ ከሁለታችን ማን ነበር የሚያየው?» አሉኝ። በሩን ይዤ ደረጃው ላይ ተቀመጥኩ።

በነጋታው ናጅዋ ዘንድ ካልሄድን አሉኝ። ረዳት መንጃ ፈቃድ የለው፣ ምን አገባኝ ብዬ ተከራከርኩ፤ የእኔ ዓይን ደህና ነው አልኩ፤ ጎማውም ላም ይመስላል አልኩ። ጨርሼ ሳልናገር «ሽማግሌ ልላክብህ?» አሉኝ። ሼህ ሙስዐብ ከአደም ሲነሱ ታየኝና ሄድኩ።

ናጅዋ ያንኑ ወንበር ሰጠችኝ። በሩን ገርበብ አደረገችው። ሁለቱን መስመር ተወጣሁት። ሦስተኛው ላይ መበጠሪያው ጥርሱን ሁሉ ጨርሶ ጥቁር ነጠብጣብ ሆነብኝ።

«ይሄኛውስ ወዴት ነው የሚያየው?»

ዓይኔን አጠበብኩ። ያን ጊዜ ከበሩ ውጭ አንድ ጊዜ ተንኳኳ።

«ወራጅ አለ!» ብዬ ጮህኩ፤ እጄም በር ሊከፍት ተነሳ።

ናጅዋ ፊቷን አላዞረችም። «አባባ ኡበይደላ፣ ይግቡና አጠገባቸው ይቀመጡ» አለች።

አያ ኡበይደላ እንደ ጥፋተኛ ልጅ አንገታቸውን ደፍተው ገቡ። ወንበር ስበው ትከሻቸው ትከሻዬን እስኪነካው ተጠግተው ተቀመጡ። ያን ጊዜ ሰሌዳውን ደግሜ አየሁት።

«አይታየኝም» አልኩ።